ሌላ ቀን ተመለሱ

ደግሞ ሳሮን ብለው ሲጠሯት ዞር ማለት እንዳትረሳ፣ ጸሃይቱነቷን ለዛሬ ጋሉስ ሰፈር ቤቷ ቆልፋበት መጥታለች፣ ካፖርቷ ላይ የተለጠፈው ወረቀት ሳሮን ነው የሚለው፣ ስሟን ያዋሰቻት አልተንሃይም፣ የአረጋውያን ቤቱ፣ አብራት የምትሠራው ልጅ ናት፣ በስልኳ ነካ ነካ አድርጋ አስመዘገበቻት፣ አይዞዎት እትዬ ጸሃይቱ፣ መነጽርዎን ያድርጉ እንጂ ማንም አያውቅዎትም፣ ይኸው መነጽሯን አድርጋ ክላይንማርክትሃለ ገበያ በር ላይ ከማታውቃቸው ጀርመኖች ጋር ተገትራለች፣ ጉልበቷ ገና በጠዋቱ ይጠዘጥዛታል፣ የቬትናም ምግብ አሠራር ኩርስ፣ ከገበያ ጉብኝት ጋር። በዚህ ዕድሜዋ። ወጥ መሥራት ልትማር። ባሏ ሃብተኣብ በሕይወት ቢኖር ሆዱን ይዞ ነበር የሚስቀው፣ ወይም አይስቅም፣ ለልጁ ሲሆን እሱም አይስቅም።

ያቻትና መጣች፣ አስተማሪዋ፣ ፍራው ላን፣ አጠር ያለች፣ ጸጉሯን በእርሳስ ጠቅልላ የሰካች፣ ዘንቢል በክንዷ፣ እጅ እየጨበጠች ትዞራለች፣ ጸሃይቱ ጋ ስትደርስ ወረቀቱን ታነባለች፣ ሳሮን፣ ትላለች፣ ቆንጆ ስም፣ እጇን ያዝ አድርጋ ትለቃታለች። አወቀችኝ። አላወቀችኝም። አንድ ቀን ብቻ አይታኝ፣ ያውም ነጠላ ለብሼ ጸጉሬን ተሠርቼ፣ በምን ታውቀኛለች። አሁኑኑ ብትነግራትስ፣ እዚሁ በር ላይ፣ እኔ የሊዋም እናት ነኝ፣ ልጅሽ ሚን ልጄን ሊያገባት ነው፣ ያለ እኔ ሊያገባት ነው፣ ሽታንደስአምት ለመፈራረም ቴርሚን፣ ቀጠሮ፣ ይዘዋል አሉ፣ ከመስከረም በፊት፣ ይህንንም የነገረችኝ ሳሮን ናት እንጂ ልጄ አይደለችም፣ ልጄ አታናግረኝም፣ ልትል ትፈልጋለች፣ አፏ አልከፈት ይላታል። ዓሣው ጋ ስንደርስ እነግራታለሁ።

ጸሃይቱ እኮ እንቢ አላለችም። ይህን ማን ይስማላት። የገና ሰሞን ነው፣ እነ ፍራው ላን ባልና ሚስት ሚንን ይዘው ጋሉስ ድረስ መጡ፣ ባልየው ሙሉ ልብስ፣ ሚስትየዋ ረጅም ሰማያዊ ቀሚስ፣ በየእጃቸው በቀይ ጨርቅ የተሸፈነ ትሪ፣ አራተኛ ፎቅ፣ ሊፍት የለ፣ ልጃችን ልጅዎን ወዷል ሊሉ፣ በሷ በኩል አያ ገብረትንሳኤ ጋቢያቸውን ደርበው ተቀምጠዋል፣ የሟቹ ጓደኛ፣ የቤተ ክርስቲያን ሰው፣ ቀድመው መክረዋታል፣ በመጀመሪያው ቀን እሺ ይባላል እንዴ ጸሃይቱ፣ ልጅቷን ልንጥላት የቸኮልን ያስመስላል፣ ዘመድ እንጠይቅ፣ ሌላ ቀን ተመለሱ በያቸው፣ እሷስ መች ጠፋት፣ የሃብተኣብ ሽማግሌዎች አባቷ ዘንድ ሦስት ጊዜ አይደል እንዴ የተመላለሱት፣ ውኃ እንኳ ሳይቀርብላቸው፣ እናም አለች፣ በምትችለው ጀርመንኛ፣ ልናስብበት ይገባል፣ ሌላ ቀን ተመለሱ፣ ትሪውንም አልነካች፣ እሺ ሳይባል የሰው ስጦታ አይነካማ፣ ይዛችሁት ሂዱ አለቻቸው፣ በክብር፣ ከልቧ በክብር። ሰዎቹ ተያዩ። ተነሡ። ትሪያቸውን እንደተሸፈነ ይዘው ያን ሁሉ ደረጃ ወረዱ። እሷ መስኮቱ ላይ ቆማ ቁልቁል እያየቻቸው ደስ ብሏት ነበር፣ ጨዋ ሰዎች፣ ሲመለሱ ዶሮ እሠራላቸዋለሁ አለች።

አልተመለሱም። ማማ፣ ዲ ኮመን ኒሽት፣ አለች ሊዋም፣ አይመጡም፣ አባረርሻቸው፣ ኧረ ይመጣሉ፣ ሰው ልጁን ከወደደ ይመጣል፣ ጠበቀች፣ ጾሙ ገባ፣ ፋሲካ አለፈ፣ ሊዋም ሻንጣዋን ጎትታ ኖርድኤንድ ሚን ጋ ገባች፣ ስልክ ሲደወል አይነሣ። ያኔ ገባት። ሲገባት ደግሞ እግሯ ተያዘ፣ የሴት ወገን ሄዶ ልጄን ውሰዱልኝ ይላል እንዴ፣ የት አገር ታይቶ፣ አያ ገብረትንሳኤም ምክሩን ከሰጡ በኋላ አሁን ሲጠየቁ አንገታቸውን ደፍተው ጸሎት ላይ ናቸው፣ አይ አንቱ። ስለዚህ ኩርስ፣ የሚን እናት የምትሰጠው። ሄዳ እንዳልሄደች መሆን። ቦርሳዋ ውስጥ በነጭ ጨርቅ የጠቀለለችው ሕምባሻ አለ፣ ትናንት ከሥራ መልስ ወገቧን ይዛ የጋገረችው፣ ተማሪ ለአስተማሪ ዳቦ ተሸክሞ ይሄዳል ወይ፣ አይሄድም፣ ግን ባዶ እጅ እንዴት ይኬዳል።

ዓሣው ጋ ደርሰዋል። ላን የዓሣውን ጉንጭ ፈልቅቃ ታሳያለች፣ ውስጡ ቀይ ከሆነ ትኩስ ነው፣ ዓይኑ ካፈጠጠ ጥሩ ነው፣ ጀርመኖቹ ጎንበስ ብለው ያያሉ፣ ጸሃይቱም ጎንበስ ትላለች፣ ስትቃና ወገቧ እየጮኸ፣ አልነገረቻትም። ቅጠላ ቅጠሉ ጋ እነግራታለሁ። ቅጠላ ቅጠሉ ጋ ላን አንዱን ቆንጥራ በጣቷ ትፈትግና አፍንጫቸው ሥር ትይዝላቸዋለች፣ በሶብላ ነው፣ የኛው በሶብላ ወንድም፣ ይኼ ደግሞ ጠጅ ሳር፣ ጠጅ ሳሩን ቀጥቅጠው ሾርባ ውስጥ ነው አሉ የሚከቱት፣ እሺ፣ ይክተቱት፣ እሷ አሁን ወንበር ብቻ ነው የምትፈልገው።

ፍራፍሬው ጋ አንድ ረጅም ጀርመን፣ የጨርቅ ቦርሳ ያንጠለጠለ፣ ብዙ አንብቦ የመጣ ዓይነት፣ ይጠይቃል፣ እናንተ ለጋብቻ ፍሬ በትሪ ይዛችሁ ትሄዳላችሁ አይደል፣ ቀይ ጨርቅ አልብሳችሁ፣ ቪዲዮ ላይ አይቻለሁ። የጸሃይቱ ጆሮ ይቆማል። ላን ማንጎውን እያገላበጠች፣ ማንንም ሳታይ፣ እንሄዳለን፣ ትላለች፣ የልጅቷ ቤት ከተስማማ ከመጣው ላይ ግማሹን ያስቀርና ግማሹን ይመልሳል፣ አብረን እንበላለን እንደ ማለት ነው። ሁሉንም ቢመልስስ፣ ይላል ረጅሙ። ሁሉንም ከመለሰማ አለቀ፣ ሁለተኛ ደጃቸው አይኬድም። ማንጎውን ዘንቢሏ ውስጥ ታስቀምጣለች፣ ቀስ አድርጋ፣ እንዳይመታባት።

አለቀ። ሁሉንም ከመለሰ አለቀ። እኔ ነኝ እንግዲህ፣ እኔው በገዛ አፌ፣ ይዛችሁት ሂዱ፣ ያን ሁሉ ደረጃ፣ ያን ሁሉ ቀይ ጨርቅ፣ በመስኮት ቆሜ እየፈገግኩ፣ ምን መስዬአቸው ይሆን፣ እግዚኦ፣ ጉድ ነው የሠራሁት፣ ማንም አልነገረኝም፣ ለነሱስ ማን ነገራቸው፣ ሁለት ቤት ሙሉ ሰው ወግ ሲያከብር ተላልፎ፣ መሃል ላይ ልጆቹ ተቃጠሉ። አሁን ትነግራታለች፣ እዚሁ ማንጎው አጠገብ፣ ፍራው ላን ትላለች፣ ድምጿ ይወጣል፣ ላን ዞር ትላለች፣ አቤት ሳሮን፣ እ፣ ማንጎው ይጣፍጣል ወይ። ይጣፍጣል። ጥሩ። ወይ ጸሃይቱ፣ ወይ አንቺ ሴትዮ።

ትራም አስራ አንድ ወደ ፌኸንሃይም ይዟቸው ይሄዳል፣ ማብሰያው እዚያ ነው፣ ድሮ ፋብሪካ የነበረ ቤት ውስጥ። ትራሙ ውስጥ እነግራታለሁ ብላ ነበር፣ ዕድል ቀንቷት ላን ፊት ለፊቷ ትቀመጣለች፣ ዘንቢሏን ጭኗ ላይ ታቅፋ፣ ሁለት ፌርማታ ሳይሄዱ ዓይኗን ትከድናለች፣ እንቅልፍ ነው፣ አፏ ትንሽ ተከፍቷል፣ እጆቿ ዘንቢሉ ጆሮ ላይ፣ ውኃ የበላቸው እጆች፣ የተሰነጣጠቁ፣ የኔው እጆች ናቸው እኮ፣ እሷም ደክሟታል፣ ሰው ሁሉ ደክሞታል በዚህ ከተማ፣ የደከመ ሰው ከእንቅልፍ ቀስቅሶ እኔ ያቺ የሰደበችሽ ሴትዮ ነኝ ይባላል እንዴ። ወንዙ አንዴ በቤቶቹ መሃል ብልጭ ይላል።

ማብሰያው ውስጥ ሽርጥ ይታደላል፣ ዝንጅብልና ሽንኩርት እሳት ላይ ይጣላል፣ እስኪከስል፣ እኛ ቤት ቢያርር የሚደፋውን እነሱ አውቀው ያሳርሩታል፣ ለሾርባው ቀለም ነው ትላለች ላን፣ ከዚያ ጥቅሉ፣ እንደ ላስቲክ የሳሳ የሩዝ ቂጣ ውኃ ውስጥ ነክሮ አትክልትና ሥጋ መጠቅለል፣ ጸሃይቱ ቂጣውን ውኃ ውስጥ ትረሳዋለች፣ ሐሳቧ የት፣ ሲወጣ እጇ ላይ ይቀደዳል፣ ሌላም ይቀደዳል፣ አጠገቧ ያለችው ጀርመን አይዞሽ ትላታለች፣ እሺ። በየሰዉ ፊት ሳህን ይቀመጣል፣ የአሳማ ሥጋና ሽሪምፕ፣ አሁን ይኼን እንዴት አድርጌ ነው የማልፈው፣ ሆዴን አሞኛል ልበል ስትል እሷ ፊት የሚቀመጠው ሌላ ሳህን ነው፣ ትንሽ፣ ዶሮና እንጉዳይ፣ በቀጭን በቀጭኑ የተከተፈ። ላን ለአንቺ ነው እንኳ ሳትል አስቀምጣ አለፈች።

ማንም አልነገራትም። ሳሮን ስታስመዘግባት ሁሉን እበላለሁ የሚለውን ነው የነካችው። እና በምን ታውቃለች፣ በምን አወቀች፣ ኧረ፣ ሊዋም ናታ፣ ሊዋም አሳማ አትበላም፣ ሽሪምፕ አትነካም፣ ከልጅነቷ፣ እነዚህ ሰዎች ቤት ስትሄድ ለሷ እንዲህ ነው የሚለዩላት፣ ትንሽ ሳህን፣ ዶሮና እንጉዳይ፣ በቀጭን በቀጭኑ፣ ይህች ሴትዮ ቆማ ለኔ ልጅ ትከትፍላታለች፣ እናቷ ካባረረቻቸው በኋላም። ጸሃይቱ መነጽሯን ታወልቃለች፣ ጭጋግ ለብሷል፣ ሾርባው ነው፣ ሾርባው አይደለም። አውቃኛለች። ከበሩ ጀምሮ። ማንጎው ጋም ለረጅሙ ጀርመን አልነበረም የምታወራው።

ሰዉ በልቶ፣ የተረፈውን በዕቃ ይዞ፣ ቹስ ቹስ ብሎ ይወጣል። ጸሃይቱ ትቀራለች፣ ድስት ታጥባለች፣ ማንም እጠቢ አላላትም፣ ላን አጠገቧ ቢላዋ ታደርቃለች፣ አሁን ካልሆነ መቼም። እኛ ጋ፣ ትላለች ድስቱን እያየች፣ በመጀመሪያው ቀን እሺ አይባልም፣ ተመለሱ የሚባለው ለክብር ነው፣ ስጦታም አይነካም፣ እኔ ሲመለሱ እሺ ልል ነበር፣ ዶሮ ልሠራ ነበር፣ ልጅዎን እወደዋለሁ፣ ቤቴ ሲገባ ጫማውን ያወልቃል፣ አላወቅኩም፣ የናንተን አላወቅኩም፣ ይቅርታ። ጀርመንኛው ተሰባብሮ ይወጣል፣ ይውጣ። ላን ቢላዋዋን ማድረቅ አታቆምም። ባሌ፣ ትላለች በመጨረሻ፣ ያን ሙሉ ልብሱን ከዚያ ቀን ወዲህ አልለበሰውም። ጸሃይቱ እጇን ሽርጡ ላይ ትጠርግና ከቦርሳዋ ሕምባሻውን አውጥታ ጠረጴዛው ላይ ታስቀምጠዋለች፣ ከነጨርቁ፣ ሌላ ምን ታድርግ።

ላን ጨርቁን ገለጥ አድርጋ ታያለች፣ ታሸታለች፣ ጥቁር አዝሙዱን። ስንት ጊዜ ነው የሚመጣው፣ እናንተ ጋ። ሁለት ጊዜ፣ ሦስት ጊዜ። ሕምባሻውን ታነሣና ወደ ጓዳው ትገባለች፣ ትቆያለች፣ ስትመለስ ጥቅሉን ይዛ ነው፣ መልሳ ጸሃይቱ እጅ ላይ ታስቀምጥላታለች። እንግዲያው እርስዎ የመጡት ገና አንዴ ነው፣ ፍራው ጸሃይቱ፣ እኔም ባሌን መጠየቅ አለብኝ፣ ሌላ ቀን ይመለሱ። ፊቷ ላይ ምንም የለም። ሳቅም የለም፣ ቁጣም የለም። በሩን ትከፍትላታለች።

ትራም አስራ አንድ፣ ወደ ጋሉስ። መቀመጫ አግኝታለች፣ ጉልበቷ ተመስገን ይላል፣ ጥቅሉ ጭኗ ላይ፣ ላን ዘንቢሏን እንዳቀፈችው። መለሰችልኝ። በኛ ወግ ነው የመለሰችኝ ወይስ በራሷ፣ ተመለሺ ማለቷ ነው ወይስ ብድሯን መክፈሏ፣ እነሱም እንዲህ ነበር በዚያ ቀን መንገዱን ሁሉ የሄዱት፣ ትሪያቸውን ታቅፈው፣ ምን ማለቷ ነው እየተባባሉ፣ ይኼን ያህል ያቃጥላል እንዴ፣ አላውቅም ነበር፣ አባቴ ደጅ የተመላለሱት ሽማግሌዎችስ፣ እነሱ ቢያንስ ወጉን ያውቁታል። ሊዋም ትሞሸራለች፣ እሷ አልተንሃይም የሰው ጀርባ እያጠበች ትውላለች፣ ፎቶውን ሳሮን ታሳያታለች። ደክሟታል። ቢበቃትስ። ከጠዋት ጀምሮ ደህና ነገር ሆዷ አልገባም፣ ያቺን ዶሮም ሳትበላት ቀረች፣ ባይሆን ከሕምባሻው ቆረስ ላድርግ ብላ ጨርቁን ትፈታለች።

ግማሽ ነው። ክቡ ሕምባሻ ከመሃሉ፣ በስለታም ቢላዋ፣ ቀጥ ብሎ ተቆርጦ ግማሽ ነው። ሌላው ግማሽ የለም። ጨርቁን ታራግፋለች፣ ቦርሳዋን ታያለች፣ የለም፣ እዚያ ቀርቷል፣ ፌኸንሃይም ጓዳው ውስጥ፣ ባልየው ይበላው ይሆናል ማታ፣ ግማሹን ያስቀርና ግማሹን ይመልሳል፣ ብላ ነበር፣ ማንጎ እያገላበጠች። በአፏ የኔን ወግ፣ በቢላዋዋ የራሷን። ፊት ለፊቷ የተቀመጠ ጎረምሳ ስልኩን ትቶ ያያታል፣ አሮጊት ዳቦ ታቅፋ ስታለቅስ፣ ይይ። ከዳሩ ትንሽ ትቆርሳለች፣ ትንሽ አርሯል፣ ይሁን፣ ለሚቀጥለው ቅዳሜ ጨው ትቀንሳለች፣ አያ ገብረትንሳኤንም ትወስዳቸዋለች፣ ይምጡና ትሪውን ይሸከሙ፣ መክረው የለ። ካፖርቷ ላይ ያለው ወረቀት ገና ሳሮን ይላል። በጥፍሯ ፈልቅቃ ትልጠዋለች፣ ጫፉ እንቢ ይላል፣ ይለቃል። ቅዳሜ በራሷ ስም ነው የምትመዘገበው። ጸሃይቱ። የሊዋም እናት።