ሠላሳ አንደኛው ቀን

ሬብ ናፍታሊ በሥራ ቀን እኔ ቤት መጥተው አያውቁም። ሬብ የምንላቸው ለአክብሮት ነው፤ የመንደራችን አራጅ ናቸው፤ ራቢ፣ የሃይማኖት መምህር፣ ስለሌለን ሕግ የሚጠየቁትም እሳቸው ናቸው። የእኔ ማሳ ከመንደሩ ራቅ ብሎ፣ የባቡሩ ሐዲድ ከሚታጠፍበት ወዲያ ነው። ወደዚያ ሰው የሚመጣው ከብት ሲጠፋበት ብቻ ነው። ያን ሰኞ ጠዋት ጋሪያቸውን ከሩቅ ሳየው የአንበጣ ወሬ ይዘው የመጡ መሰለኝ። ስንዴው ለአጨዳ ሁለት ሳምንት ቀርቶታል፤ በሰሜን በኩል ደግሞ አንበጣ ተነሥቷል እየተባለ ነበር።

«ዜሊግ፣ በልተሃል?» አሉኝ ገና ከጋሪው ሳይወርዱ።

«በልቻለሁ።»

«አልበላህም። የበላ ሰው ፊት እንዲህ አይደለም። ግባና ብላ፣ እጠብቅሃለሁ።»

ዳቦና አይብ በላሁ። ፊት ለፊቴ ተቀምጠው እስክጨርስ ያዩኝ ነበር። ፍርፋሪውን ከጠረጴዛው ላይ ጠርጌ ስጨርስ ከኮታቸው ኪስ ሁለት ደብዳቤ አወጡ። አንደኛው የራሴ ነው፤ ዓርብ ዕለት ወደ ጣቢያ ሲሄዱ ለእናቴ እንዲልኩልኝ የሰጠኋቸው። ሁለተኛው ከትውልድ አገሬ ከቤሳራቢያ የመጣ፣ በእሳቸው ስም የተጻፈ ነው። የእጅ ጽሑፉን አላውቀውም።

«ሺፍራ ናት የጻፈችው፣ የእናትህ ጎረቤት። በቀጥታ ላንተ መጻፍ ፈርታ ነው። እናትህ ፍሬይዳ አርፋለች፣ ልጄ። ሳንባዋን አሟት ሦስት ቀን ብቻ ነው የተኛችው። ዛሬ ሠላሳ አንደኛ ቀኗ ነው። የሩቅ መርዶ ነው፤ አንድ ሰዓት ትቀመጣለህ።»

ሕጉን አውቀዋለሁ፤ እኛ አይሁዶች ዘንድ የማያውቀው የለም። የወላጁን ሞት በሠላሳ ቀን ውስጥ የሰማ ሰው ሰባት ቀን ልቅሶ ይቀመጣል። ሥራ አይነካም፣ ጎረቤት ያበላዋል፣ ቤቱን ሰው ይሞላዋል። ሠላሳው ካለፈ በኋላ የሰማ ግን ጫማውን አውልቆ አንድ ሰዓት መሬት ላይ ተቀምጦ ይነሣል፣ አለቀ። መርከብ ደብዳቤ የሚያመጣው በወሩ ስለሆነ በመንደራችን አብዛኛው ሰው ለእናቱም ለአባቱም የተቀመጠው አንድ ሰዓት ነው።

እናቴን እዚህ የሚያውቃት የለም። የአሥራ አራት ዓመት ልጅ ሆኜ ከአጎቴ ጋር ወደ አርጀንቲና ስመጣ እሷ ዓይነ ስውር እናቷን ለማስታመም ቀረች። አያቴ ስትሞት የጉዞ ወረቀት ጠፋ፣ ወረቀቱ ሲገኝ አጎቴ ሞተ፣ ከዚያ ድርቅ መጣ። እንዲህ እንዲህ ሲል ስምንት ዓመት ሆነ። ከተማ ሁለተኛ ደረጃ ጨርሼ ወደ አጎቴ ማሳ የተመለስኩት ስትመጣ የራሷ ቤት እንዲኖራት ብዬ ነው። በምሥራቅ በኩል አንዲት ክፍል ሠርቼላት ነበር። በሐሳቤ ስንት ጊዜ እዚያ ክፍል ውስጥ ስታንጎራጉር ሰምቻታለሁ።

ፖስታውን አገላበጥኩት። የጣቢያው ማኅተም የሐሙስን ቀን ይላል።

«ሐሙስ ነው የደረሰው» አልኩ።

የራሴን ደብዳቤ ወደ እኔ ገፋ አደረጉት።

«ሐሙስ ሃያ ሰባተኛ ቀኗ ነበር።»

«ሃያ ሰባተኛ» አሉ። መካድ አያውቁበትም።

«መርዶዬን ይዘህ አራት ቀን ተቀመጥክ?»

በሕይወቴ አንተ ብያቸው አላውቅም። ልብ ያሉትም አልመሰሉም።

«መርዶ ንገር የሚል ሕግ የለም» አሉ።

«ለወንድ ልጅ ግን ይነገረዋል፤ ለእናቱ ጸሎት እንዲያደርስላት።»

«ይነገረዋል። ይኸው ነገርኩህ።»

«በሠላሳ አንደኛው ቀን።»

«በሠላሳ አንደኛው ቀን።»

ዓርብ ደብዳቤዬን ሲቀበሉኝ በእጃቸው መዘን አድርገው «ምን ይህን ያህል አስጻፈህ?» ብለው ቀልደውብኝ ነበር። ቅዳሜ ምኩራብ ውስጥ አንድ አግዳሚ ላይ ነው የተቀመጥነው። እሑድ ደግሞ የብረት ቀጥቃጩ ልጅ ሠርግ ነበር። እኔ ሠርግ ላይ ጥግ ይዤ የምቀመጥ ሰው ነኝ፤ ያን ቀን ግን ጎትተው አስገቡኝና ሸሚዜ በላብ እስኪርስ ጨፈርኩ። ልቅሶ ልቀመጥ የሚገባኝ የመጨረሻው ቀን ያ ነበር።

«ስጨፍር አይተውኛል።»

«አይቼሃለሁ። ደስ አለኝ። ዛሬን ይጨፍር፣ ነገ ይነገረዋል አልኩ።»

«እግዚአብሔርም የሚያስበው እንደዚህ ነው?»

«የእሱን ሐሳብ በምን አውቄ? እኔ የማውቀው ዶሮ ማረድ ነው።»

ጢማቸውን ያዝ ለቀቅ አደረጉ፤ ከዚያ ወደ እኔ ሳያዩ ነገሩኝ። እዚያ አገር እያሉ፣ በታይፈስ ዘመን፣ ሦስት ልጆቻቸውን በአንድ ሳምንት ቀበሩ። ቤታቸው ላይ ምልክት ተደርጎ ሰው እንዳይገባ ተከለከለ።

«ሰባቱንም ቀን ብቻዬን ተቀመጥኩ። መጀመሪያ ቀን ቡራኬውን ብያለሁ፤ የእውነት ዳኛ ነህ ብዬ ባርኬዋለሁ። በሰባተኛው ቀን ስነሣ ግን ለእሱ የምለው አንድ ቃል አልቀረኝም። ስንት ዓመት ከንፈሬን ብቻ ሳንቀሳቅስ ኖርኩ፤ ሰው ሁሉ የሚጸልይ ይመስለው ነበር። አንተም ብቻህን ነህ፣ ቤትህ ሩቅ ነው። ሰው አንድ ቀን ይመጣል፣ ሁለት ቀን ይመጣል፣ ከዚያ አጨዳው ይደርሳል። አንድ ሰዓት ግን ማንም ይችላል ብዬ ነው።»

«የፈሩት ለእኔ ነው ወይስ ለእግዚአብሔር?»

«ለሁለታችሁም» አሉ።

ለእናት ስንት ዓመት ቢያልፍም ልብስ ይቀደዳል። ሰንጢያቸውን አውጥተው ሸሚዜን በግራ በኩል፣ ልብ ላይ ያዙት።

«በዚህ ሸሚዝ ነው?» አሉ።

«ሌላው ከትናንት ጀምሮ አልታጠበም።»

«ቡራኬውን በል።»

በበጎው እንደምንባርከው በክፉውም መባረክ አለብን፤ ከልጅነታችን የተማርነው ነው። አፌን ከፈትኩና መልሼ ዘጋሁት።

«አልልም።»

ትንሽ ጠበቁ። ከዚያ ጫፉን ቆረጡልኝ፣ የቀረውን እኔ ቀደድኩት።

ጫማዬን አውልቄ መሬት ላይ ተቀመጥኩ። ልቅሶ የሚደርስ ሰው ባለሐዘኑ ሳይናገር አይናገርም፤ እኔ አልተናገርኩም፣ እሳቸውም የኪስ ሰዓታቸውን ጉልበታቸው ላይ አድርገው ዝም አሉ። አንድ ሰዓት ምን ያህል አጭር እንደሆነ የዚያን ቀን አወቅሁ። ስለ እሷ ከምን ልጀምር እያልኩ ሳስብ አለቀ።

«ሞላ። ተነሣ» አሉ።

«አልነሣም። ሰባት ቀን እቀመጣለሁ።»

«ሕጉ ሳያዝህ ማዘን ጽድቅ አይሆንልህም።»

«ጽድቅ ማን ፈለገ? ሰው መጥቶ ማን ነበረች ብሎ እንዲጠይቀኝ ነው የፈለግሁት።»

«ማን ይመጣል? ሕጉን ሁሉም ያውቃል» አሉ። ጋሪያቸው ላይ ሲወጡ ጉልበታቸው ሲንቋቋ ሰማሁት።

ማክሰኞ በሩን ከፍቼ ከመድረኩ ውስጥ መሬት ላይ ተቀመጥኩ። ከጣቢያ የሚመለሱት ሁለቱ የብረት ቀጥቃጩ ልጆች በደጄ በኩል አለፉ። «ሰላም ዜሊግ፣ ሰማን፣ እግዚአብሔር ያጽናህ» አሉኝ ጋሪያቸውን ሳያቆሙ። በእኛ ዘንድ ልቅሶ የተቀመጠን ሰው ሰላም አይሉትም። ዝም ብለው ይገባሉ፣ ዝም ብለው ይወጣሉ። ስለዚህ ያ ሰላምታ አንተ ልቅሶ ላይ አይደለህም ማለት ነበር። ከሰዓት በኋላ ሌሎች ሦስት ሰዎች አለፉ። ሦስቱም ሰላም አሉኝ።

አንድ ሰው ቆመ፤ ፈረስ ጠባቂው ዶን ኢላሪዮ፣ የእኛ ሰው ያልሆነ።

«ወንበርህን ሸጥከው እንዴ?» አለኝ ከፈረሱ ላይ ሆኖ።

«እናቴ ሞታለች።»

ባርኔጣውን አወለቀ። ወርዶ ማቴ የሚሉትን የአገሩን ሻይ አፍልቶ ሰጠኝ፣ ራሱም ጠጣ። «የእኔ እናት አስቸጋሪ ነበረች» አለ። «ያንተዋስ?» ልመልስለት ስል ፈረሱ ማሳዬ ውስጥ ገብቶ ስንዴውን ጀመረ፤ እየተሳደበ ተከትሎት ሄደ።

ረቡዕ ማንም አልመጣም። ነፋስ ነበር። ማንም ካልጠየቀኝ ለራሴ ልናገር ብዬ ጀመርኩና ያለኝ የአሥራ አራት ዓመት ልጅ ያየው ብቻ ሆኖ አገኘሁት፤ እጆቿ፣ የበሩ መወርወሪያ ድምፅ፣ ስትቆጣ ዝም የምትለው ዝምታ። የፊቷን ግማሽ ከፎቶግራፉ ነው ያገኘሁት። ከቀትር በኋላ ደግሞ ወደ እግዚአብሔር ዞርኩ። ልቆጣው ነበር፤ ለስምንት ዓመት አንድ የወረቀት ማኅተም ስትከለክላት ለሳንባ ሕመም ግን በሩን ወዲያው ከፈትክለት ልለው። ቃሉ በአፌ ውስጥ ደረቀ። ሬብ ናፍታሊ ያሉት እየደረሰብኝ መሆኑ ገባኝ፤ እሳቸው በሰባት ቀን የደረሱበት ላይ እኔ በሦስት ቀን ደረስኩ። ላሟ ጮኸች። ተነሥቼ አለብኳት። ልቅሶ የተቀመጠ ሰው ላም አያልብም።

ሐሙስ ጠዋት ጋሪው መጣ። ሬብ ናፍታሊ ወረዱ፣ በሩን አልፈው ገቡ። ሰላም አላሉኝም። ራሳቸውን እንኳ አልነቀነቁም። ፊት ለፊቴ መሬት ላይ፣ ግድግዳውን ይዘው፣ ቀስ ብለው ተቀመጡና ዝም አሉ።

ከሰኞ ጀምሮ ያላለቀስኩትን ያን ጊዜ አለቀስኩ። ጠበቁኝ።

«ዓርብ ዓርብ ዓሣ ትሠራ ነበር» አልኩ በመጨረሻ።

«ስኳር ታደርግበታለች ወይስ ቁንዶ በርበሬ?»

«ስኳር።»

«ታዲያ የቤሳራቢያ ሴት አይደለችማ።»

«አባቷ ከፖላንድ ነው።»

«እንዲያ በል። ያን ሁሉ ዓመት ጎረቤቶቿ ምን ሲሏት ኖሩ?»

ምን ሲሏት እንደኖሩ ነገርኳቸው። ሳቁ፣ እኔም ሳቅሁ። ሌላም ጠየቁኝ፤ የማላውቀውን አላውቅም አልኩ። ላሟ ስትጮህ ልነሣ ስል በእጃቸው መለሱኝና ራሳቸው ወጡ። ዕድሜያቸውን በሙሉ ከብት ሲያርዱ ኖረው አንድ ቀን አልበው አያውቁም ኖሯል። ሲለማመጧት፣ ከዚያ ሲሰድቧት፣ ከዚያ ባልዲው ሲንከባለል ሰማሁ። ግማሽ ስኒ የማትሞላ ወተት ይዘው ተመለሱ፤ ሱሪያቸው ረጥቧል።

«ይህ ሕጉ ውስጥ የለም» አልኳቸው።

«የለም» አሉ።

ዓርብም መጡ። ቅዳሜ በሰንበት አይለቀስምና በእግሬ ወደ ምኩራብ ሄድኩ። ለእናቴ የሚባለውን ጸሎት በአሥር ሰው ፊት አደረስኩ፤ ሞት የሚል ቃል የሌለበት፣ ምስጋና ብቻ የሆነ ጸሎት ነው። ሁሉም አሜን አሉልኝ። አፌ ነበር የሚለው፣ እኔ ሩቅ ነበርኩ።

እሑድ በጠዋት በሰባተኛው ቀን አነሡኝ። ባለሐዘን ሲነሣ ከቤቱ ወጥቶ ጥቂት ይራመዳል። ጫማዬን አደረግሁና ከሬብ ናፍታሊ ጋር በማሳው አጥር ዙሪያ ሄድን። ስንዴው እስከ ደረታችን ይደርስ ነበር። አንበጣው አልመጣም፤ ይመጣ እንደሆነም አናውቅም።

«ቡራኬውን ያን ጊዜ ካሉ በኋላ መቼ ደግመው አሉት?» ብዬ ጠየቅኋቸው።

«ከልቤ? በስድስት ዓመቱ። ዶሮ ስነጭ። ለምን እንደሆነ አትጠይቀኝ፣ እኔም አልጠየቅሁም።»

የአጥሩ ማዕዘን ላይ ስንደርስ ቆምኩ። የተቀደደው ሸሚዜ በነፋሱ ይርገበገብ ነበር።

«ብሩክ ነህ አንተ» አልኩ።

ከዚያ ወዲያ ያለው አልመጣም። ቆሜ ፈለግሁት፣ አጣሁት። ሬብ ናፍታሊ አሜን አላሉም፤ ባላለቀ ቡራኬ ላይ አሜን አይባልም። በልም አላሉኝም። ነፋሱ እንዳይወስደው ባርኔጣቸውን በእጃቸው ይዘው፣ ስንዴውን እያዩ፣ አጠገቤ ቆመው ጠበቁ።