የዋይ ዋጋ

በአንድ ሆስፒታል የልብስ እጥበት ክፍል ውስጥ ዘጠኝ ዓመት አንሶላ ያጠበችው ሴትዮ ነርስ መሆን አማራት። ለነርስነት ትምህርት መግቢያ ፈተና ሁለት ጊዜ ተቀምጣ ሁለቴም ሒሳብ ጣላት። ሦስተኛው የመጨረሻ ዕድሏ ነው፤ የቀራት ደግሞ ስምንት ቀን።

ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ከኤክስና ከዋይ ጋር ግብግብ ገጥማለች። ጮክ ብላ ካላነበበች ነገር አይገባትም። «ሦስት ኤክስ ሲደመር ሁለት ዋይ... ኧረ ዋይ... ሁለት ዋይ...» ስትል በሩ ተበረገደና ጎረቤቷ ጡረተኛ ነጠላ ጫማቸውን ግራና ቀኝ አቀያይረው እንደተጫሙ ገቡ። ሚስታቸው ከሞቱ ወዲህ ከሰላምታ ያለፈ ቃል የማይወጣቸው ሰው ናቸው፤ ሰፈሩ «ጋሼ ዝም» ይላቸዋል።

«ማን ሞተብሽ ልጄ?»

«ኧረ ማንም አልሞተም ጋሼ። ዋይን እየፈለግኩ ነው።»

ደብተሩን አዩት። እሷ ወደ ሰፈሩ የመጣችው ዘንድሮ ነውና ሠላሳ ዓመት ሒሳብ እንዳስተማሩ የሰማችው ያን ቀን ነው። ለቅሶ ሊደርሱ የመጡት ሰውዬ ወንበር ስበው ተቀመጡ።

«ሁለቱንም ባንዴ ልትይዢ ነው የምትሮጪው። ሁለት እግር አለኝ ተብሎ ሁለት ዛፍ አይወጣም። ለመሆኑ ሥራሽ ምንድን ነው?»

ነገረቻቸው።

«እንግዲያው ሦስት አንሶላና ሁለት የትራስ ልብስ አራት ኪሎ መዘነ እንበል። አንድ አንሶላና ሁለት የትራስ ልብስ ደግሞ ሁለት ኪሎ። ፊተኛው በምን በለጠ?»

«በሁለት አንሶላ።»

«በስንት ኪሎ?»

«በሁለት። ታዲያ አንዱ አንሶላ አንድ ኪሎ ነዋ።» በጣቷ ቆጠረችና፣ «የትራሱ ልብስ ደግሞ ግማሽ» አለች።

ወገቧን ያጎበጣት አንሶላ አንድ ቀን እንዲህ ያስደስተኛል ብላ አስባ አታውቅም። ጋሼ ዝም ስምንቱንም ቀን ተመላለሱ። ስማቸውንም ውሸት አደረጉት፤ ጨረሱ ሲባሉ ይጀምራሉ።

ውጤቱ የወጣ ዕለት መንገዱን ሙሉ የምስጋና ንግግር ስታሰናዳ መጥታ በራቸውን አንኳኳች። ሲከፈት ግን፣ «አልፌያለሁ ጋሼ፤ እግዜር ይስጥልኝ» ብቻ ብላ እንባ ቀደማት። አባቷን እንኳ እንዲህ ከልቧ አመስግና አታውቅም።

«ሁለት ያልታወቁ ቁጥሮች ያሉበትን ጥያቄ እንዴት ሠራሽው?» አሏት።

ልትነግራቸው አፏን ስትከፍት እጃቸውን አነሱ።

«ቆመሽ አይሆንም። ግቢና ከመጀመሪያው መስመር ጀምረሽ ንገሪኝ።»

ሚስታቸው ከሞቱ ወዲህ ሰው ያልተቀመጠበትን ወንበር አቧራውን በእጃቸው ጠርገው ሰጧት።