ዓይናፋር ዓይኗን ለምን ትጨፍናለች

ናጃህ ስድስት ሺህ ተከታይ ያለው የቴሌግራም ቻናል አላት። ይህ ቡታጅራ ላይ ቀላል ነገር አይደለም። አሥራ ሁለተኛ ክፍልን ጨርሳ ቤት ከዋለች ወዲህ እናቷ ጠይባ «ከኔ ፊት የስልክሽን ፊት ነው አብልጠሽ የምታውቂው» እያለች ብትወቅሳትም፣ የሰፈሩ ወጣት ግን መንገድ ላይ አስቁሞ የሚያማክረው እሷን ነው፤ የትኛው አውሬ የት ይገኛል፣ በምን ይያዛል እያለ። ጨዋታው «ዱሬ» ይባላል። አዲስ አበባ ያሉ ልጆች የሠሩት ነው። ስልክህ ላይ ጫካ ለጫካ እየዞርክ አውሬ ትይዛለህ፣ ትመግባለህ፣ ታሳድጋለህ። ሁለት መቶ አራት አውሬዎች አሉት፤ ናጃህ ሁለት መቶ ሦስቱን ይዛለች።

ተጫዋቹ ሁሉ የሚሻማው ግን ዓይናፋርን ነው። ዓይናፋር ድመት የምታክል፣ እንሰት ሥር የምትኖር፣ የፊቷን ግማሽ ዓይን የያዘባት ሚስኪን ፍጥረት ናት። አትዋጋም፣ አትናከስም። የምትችለው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ የተደበቀ ሣጥን አጠገብ ስትደርስ ሳትወድ በግዷ ዓይኗ ወደዚያ ይዞራል። ባለቤቷ ዓይኗን ተከትሎ ይቆፍራል። እናም ቀኑን ሙሉ እየጎተቱ ያዞሯታል። ለምን እንዲህ ሆነች ብሎ የጠየቀ አንድም ሰው አልነበረም። የሚጠቅምን ነገር ማን ታሪኩን ይጠይቃል!

ምስጢሩን ናጃህ በብልሃቷ አገኘችው ብንል ደስ ባለን ነበር። ያገኘችው ግን በባጃጅ ነው። አረፋ ሦስት ቀን ሲቀረው ከገበያ ስትመለስ ባጃጁ ጉድጓድ ውስጥ ዘሎ ሲገባ አውራ ጣቷ አዳለጣትና፣ ስክሪኑ ላይ ለሌላ አውሬ መኖ ልትሰጥ የጎተተችው የእንሰት ቅጠል ተንሸራቶ እሷው የያዘቻት ዓይናፋር ፊት ላይ አረፈ። ዓይኗ የተሸፈነ ዓይናፋር ምን ይረባል? ስለዚህ ይህን የሞከረ ሰው አልነበረም። ስክሪኑ ጨለመ። ከዚያ «አሁን ልናገር?» የሚል ጽሑፍ ብቅ አለ፤ ሦስት ገጽም ተከፈተ።

የናጃህ ልብ በደስታ ዘለለ። ወልቂጤ ውስጥ አንድ ተፎካካሪ ቻናል አለባት፤ ባለፈው ወር በአሥር ደቂቃ ቀድሟት ሳምንት ሙሉ ሲያሾፍባት ከርሟል። እና ልጅቷ ምን አደረገች? አላነበበችውም። ሦስቱንም ገጽ እንዳለ «ከማንም በፊት ከኛ!» ብላ ለስድስት ሺህ ሰው ለቀቀችው። ማንበብ የጀመረችው ከባጃጅ ወርዳ፣ ደጃፍ ላይ ቆማ ነው።

የመጀመሪያው ገጽ እንዲህ ይላል፦ «አንድ ጎረምሳ ነበር። ለጦር ሜዳ ሊያፍሱት መጡ ሲባል ባዶ የቆጮ ጉድጓድ ውስጥ ደበቁት፤ ቅጠልም አለበሱት። ምግብ የምታቀብለው አንዲት ትንሽ ልጅ ነበረች። ‹ቢጠይቁሽ ምንም አትበዪ› አላት።»

ሁለተኛው፦ «ሰዎቹ መጥተው ልጅቷን ጠየቋት። ምንም አላለችም። ከረሜላ ሰጧት፤ ምንም አላለችም። አስፈራሯት፤ ምንም አላለችም።»

ሦስተኛው፦ «ዓይኗ ግን ወደ ጉድጓዱ ሄደ። አንዴ ብቻ። እነሱም አዩት። ከዚያ ቀን ወዲህ፣ ሰው ሲጠይቃት ዓይኗን ትጨፍናለች።»

ናጃህ ደፉ ላይ ተቀመጠች።

የአጎቷ የሽፋ ታሪክ እዚያ ቤት ለማንም እንግዳ አይደለም። ሽፋ የእናቷ ታላቅ ወንድም ነው። ደርግ ሊወድቅ ሦስት ዓመት ሲቀረው፣ ከዚሁ ቤት ጓሮ፣ ከባዶ የቆጮ ጉድጓድ ጎትተው ወሰዱት፤ አልተመለሰም። ጠይባ ያኔ ዘጠኝ ዓመቷ ነበር። ማን ጠቆመ? የሽፋና የጠይባ ታላቅ ወንድም ሰይዶ ገና የዚያኑ ቀን ፈርደዋል፤ ጎረቤታችን ጀማሉ ነው አሉ። ጀማሉ ጠዋት ከቀበሌ ሰዎች ጋር ቆመው ሲያወሩ ታይተዋላ! በቃ። ሠላሳ ሰባት ዓመት ሙሉ ሁለቱ ቤቶች ሰላምታ የላቸውም፤ በሰርግ አይጠራሩም፣ ለቅሶ አይደራረሱም። የወደቀ ዛፍ ምሣር ይበዛበታልና ሰፈሩም ቀስ በቀስ ከጀማሉ ደጅ ራቀ።

ሰይዶ መርካቶ ነጋዴ ናቸው፤ በዓመት አንዴ፣ ለአረፋ ይመጣሉ። በሬ ያርዳሉ፣ ዘመድ ይሰበስባሉ፣ ዱዓ ያደርጋሉ። የዱዓቸው መጨረሻ ሁሌም አንድ ነው። «ያ ረቢ፣ ሽፋን የጠቆመውን ዓይኑን አፍስሰው!» ይላሉ። ቤቱ በሙሉ «አሚን!» ይላል። ጠይባም ትላለች፤ ዓይኗን ጨፍና።

ጠይባ ሰው ሲጠይቃት ሁሌም ዓይኗን ትጨፍናለች። ስኳሩ የት ነው ቢሏት እንኳ። ናጃህ ከልጅነቷ ጀምሮ «እማ፣ እንቅልፍሽ መጣ?» እያለች ስንት ጊዜ አላገጠችባት! አሁን ከደፉ ተነስታ ወደ ጓሮ ዞረች።

ጠይባ ጓሮ ሆና ለገበያ የምትወስደውን ቆጮ በቅጠል ትጠቀልላለች።

«እማ» አለች ናጃህ፣ «ለዚያ ግሩም ለሚባለው ተማሪ ምን ነግረሽው ነበር?»

ግሩም ከጨዋታው ሠሪዎች አንዱ ነው። ከአራት ዓመት በፊት፣ ናጃህ ትምህርት ቤት በዋለችበት ቀን፣ ተረት ልሰብስብ ብሎ እቤታቸው መጥቶ ነበር።

ጠይባ ዓይኗን ጨፈነች። «ተረት ነዋ። የጅቡን፣ የጦጣዋን።»

«የልጅቷንስ?»

የእናቷ እጅ ቅጠሉ ላይ ቆመ። «እንደ ተረት ነው የነገርኩት» አለች በመጨረሻ። «አንዲት ልጅ ነበረች ብዬ። ስንት ዓመት አፌ ላይ ሲመጣ እየመለስኩ ዋጥኩት። እሱ የሩቅ ሰው ነው፣ ይዞልኝ ይሄዳል ብዬ። ደግሞም ቀሎኝ ነበር።»

«አባ ጀማሉስ እማ?»

«እሳቸውን አታንሺብኝ!» አለችና አለቀሰች። «በየአረፋው ሥጋ እልክላቸው የለ? ሥጋ ምን ያደርግላቸዋል? ስማቸውን አይመልስላቸው።»

ያን ሥጋ በጓሮ በር የምታደርሰው ናጃህ ነበረች። ሰደቃ ነው ስትባል አምና ኖራለች።

«ከአረፋ በኋላ እኔው ራሴ ለሰይዶ እነግረዋለሁ» አለች ጠይባ። «እስከዚያ ምንም እንዳትዪ። ማይልኝ።»

«ወላሂ እማ፣ ምንም አልልም።»

ናጃህ ወዲያው ከቻናሏ ላይ ሦስቱንም ገጽ አጠፋች። ግን ከአፍ ከወጣ አፋፍ ነው፤ ጽሑፉ ሌሎች ቻናሎች ላይ እየዞረ ነበር። ከሥሩም «ልጅቷ አስበላችው!» እያለ የማያውቃት ሁሉ ይስቃል። ማታ ደግሞ የሰይዶ ልጅ ራምዚ ከአዲስ አበባ ጻፈላት፦ «ናጁ፣ ይሄ የአጎታችን የሽፋ ታሪክ አይደል እንዴ? ለፋዘር አሳየሁት። ደሙ ነው የፈላው።»

ይህን ለእናቷ መንገር ነበረባት። ፈራች፤ አልነገረቻትም። የእናቷን ፊት ባየች ቁጥር ነገ እላታለሁ እያለች አረፋ ደረሰ።

ሰይዶ መጡ፣ በሬው ታረደ፣ ተበላ። ዘመድ ቤቱን ሞልቶ ለዱዓ እጁን ዘረጋ። ሰይዶ ለዝናቡ፣ ለታመመው፣ ለሞተው ለመኑ። ከዚያ ያችን የለመዷትን እርግማን ሊሏት ሲሉ ቆሙና እጃቸውን አወረዱ። መነጽራቸውን አድርገው ከራምዚ ስልክ ላይ ሦስቱን ገጽ ድምፃቸውን ከፍ አድርገው አነበቡ።

«ሰማችሁ?» አሉ። «ጀማሉ ያኔ ትንሽ ሴት ልጅ ነበረችው፤ ጓሯችን ስትጫወት ነበር የምትውል። እሷን ልኮ ነው ያሰለለን! ይኸው ዛሬ ደግሞ ከልጁ ጋር ሆኖ ደማችንን የልጆች መጫወቻ አደረገው። አሁን ሁላችንም ተነስተን ደጁ እንሄዳለን።»

ጎረምሶቹ መነሳት ጀመሩ።

«ቆይ» አሉ ሰይዶ፣ ወደ ናጃህ ዞረው። «ይህን ያወጣሽው አንቺ ነሽ። የሠሩትን ልጆችም ታውቂያቸዋለሽ። ከማን ሰሙት? ከጀማሉ ቤት አይደለም?»

ናጃህ ምንም አላለችም። ምላለች። ምንጣፉን አየች፣ ጣቶቿን አየች።

«አንቺን እኮ ነው! ከማን ሰሙት?»

ምንም አላለችም። የጀማሉ ሽማግሌ ፊት፣ በጓሮ በር ሥጋውን ሲቀበሉ የሚያወርዱላት ምርቃት መጣባት። እናቷን ልታይ አልፈለገችም፤ በአላህ ምላ ነበር። ዓይኗ ግን ሄደ። አንዴ ብቻ፣ ወደ ጓዳው በር።

ሰይዶ አዩት። እሳቸውም ወደዚያ ዞሩ። ጠይባ የጓዳው በር ላይ ተቀምጣለች፤ ዓይኗን ጨፍናለች።

ቆመው የነበሩት ጎረምሶች ባሉበት ቀሩ። ሰይዶ አንዴ ጽሑፉን፣ አንዴ እህታቸውን አዩ።

«ጠይባ?» አሉ፤ ድምፃቸው ተሰበረ። «በየዓመቱ አሚን ስትዪ?»

ጠይባ ዓይኗን ገለጠች። ለወንድሟ አልመለሰችም። ተነስታ በተቀመጠው ሰው መሃል አቋርጣ ወደ ናጃህ መጣች፤ ናጃህ አፏን በሁለት እጇ ይዛ እየተንሰቀሰቀች ነበር። ጠይባ አጠገቧ ቁጭ ብላ እጆቿን ከአፏ ላይ አነሳችላት፤ ከዚያ ፊቷን ይዛ፣ ዓይን ዓይኗን እያየች፣ ሠላሳ ሰባት ዓመት ሙሉ ለእሷ ማንም ያላላትን ቃል ለልጇ አለቻት።

«አይዞሽ ልጄ። አንቺ ምንም አላልሽም። ልጅ ነሽ። ምንም አላልሽም።»