የአሠልጣኝ ሞሪታ ቡድን

ጋሻዬ ስንት ዓመቱ ነው? ጃፓናዊው የቅርጫት ኳስ አሠልጣኝ ሞሪታ ስለ አንዱ ተጫዋቹ ይህን የጠየቀው አስተርጓሚውን መምህር አረጋን ነው። አረጋ የልጁን እናት እትዬ አልጣሽን ቢጠይቃቸው፣ «በሬያችን ቡሬ ጥጃ ሳለ ነው የወለድኩት» አሉት። ቡሬ አርጅቶ ከታረደ ሁለት ዓመት ሆኖታል።

ሞሪታ ተጫዋች ሳለ በቁመቱ ማጠር ከተቀያሪ ወንበር ተነስቶ አያውቅም። ኋላ በአገሩ በጃፓን፣ ናጎያ ከተማ ውስጥ የፈትል ፋብሪካ ሴቶችን ቡድን አሥራ ሁለት ዓመት አሠለጠነ። ፋብሪካው ቡድኑን ሲበትን፣ እዚያው ተምሮ ወደ ላስታ የተመለሰውን አረጋን ተከትሎ ላሊበላ መጣ። የበርሜል ቀለበት ግንድ ላይ ቸንክሮ የትምህርት ቤቱን ረጃጅም ልጆች ሰበሰበ።

በ1969 ዓ.ም. ወልድያ ላይ ውድድር ተጠራ፤ ከአሥራ ስምንት ዓመት በታች አይገባም ተባለ። አረጋ ለይለፍ ወረቀት ቀበሌ በሚያስገባው ዝርዝር ላይ ለአምስቱም ተጫዋቾች «18» ብሎ ጻፈ። ለወረቀት ሲባል ዕድሜ ከፍ ዝቅ ማድረግን በአገሩ እንደ ውሸት የሚቆጥር የለም።

«እውነቱን ጻፍ» አለው ሞሪታ በጃፓንኛ።

«እውነቱን ማን ያውቀዋል?» አረጋ ሳቀ።

በሳምንቱ አሥራ ስምንት የሞላው ሁሉ ወደ ጦር ግንባር እንዲሄድ የዘመቻ ጥሪ መጣ። አራቱ ልጆች ወደ ብልባላ ሸሹ፤ ጋሻዬ ኳስ ሲለማመድ ተያዘ።

የቀበሌው ሊቀመንበር ዝርዝሩን እያወዛወዘ፣ «ጓድ አረጋ፣ ሥራችንን አቀለልክልን እኮ!» አለ።

አረጋ እስር ታየውና ወደ ኋላ አፈገፈገ። ሞሪታ ግን በተሰባበረ አማርኛ፣ «እኔ ጻፍኩ። ውሸት። ልጅ ነው» አለ።

«ፊደል መቼ ቆጠርክ፣ ሚስተር?» ሊቀመንበሩ እየሳቀ አረጋን አየው። አረጋ መሬት መሬቱን አየ።

ሞሪታ በሦስት ቀን አገር ለቆ እንዲወጣ ታዘዘ። መኪናው ሲነሳ ለአረጋ፣ «ቡድን ሲበተንብኝ ሁለተኛዬ ነው» አለ። «አሁን አንተ ተናገር።»

አረጋ ወር ሙሉ አልተናገረም። እትዬ አልጣሽ ገበያ ላይ አግኝተውት፣ «መምህር፣ እኔ ለኳስ ነበር እኮ የሰጠሁህ» ሲሉት ግን ቤቱ ገብቶ ጋሻዬ ለተወሰደበት የጦር ማሠልጠኛ አዛዥ ጻፈ፦ «ወንጀሉ የእኔ ነው፤ እኔን ጠይቁ፣ ልጁን መልሱ።» ሙሉ ስሙን አስፍሮ ፈረመና በፖስታ ላከ።

ክረምቱ ገባ፤ ወጣ። መልስ አልመጣም። ጋሻዬን የመለሰ የለም፤ አረጋንም ሊይዘው የመጣ የለም።