ሰባት ጠብታ

«ከምላስህ ሥር ጠብ ጠብ አድርገውና ተገላገል» አሉት አጎቱ፣ ለሦስተኛ ጊዜ። «ሰባት ጠብታ ነው። ዓይንህን ስትገልጥ ሐዘኑም እንግዳውም አልቆ ታገኘዋለህ። ምን ትጠብቃለህ?»

አናጢው ብልቃጡን በመዳፉ አገላበጠው። ሚስቱ ከተቀበረች ገና ሁለተኛ ቀኗ ነው። ወገቡን ቆርጦታል፤ «ያጽናህ» ላለው ሁሉ ብድግ ቁጭ ማለት አድክሞታል። እንግዶቹ የተቀመጡባቸውን ወንበሮች አንድ ሳይቀር የሠራቸው እሱ ነው። ሲሠራቸው ግን ሰው ይህን ያህል ቆይቶ ይቀመጥባቸዋል ብሎ አላሰበም ነበር።

ብልቃጡ ውስጥ ያለው ዕለት በል ነው፤ የጉድጓድ ውሃ አፍ ላይ የሚበቅል ሐረግ። ቅጠሉ ተወቅጦ፣ ፈልቶ፣ በወፍራም ጨርቅ ተጣርቶ ከሚወጣው ጭማቂ አንዱ ጠብታ አንድ ቀን ይበላል። የወሰደው ሰው ዓይኑን ገልጦ ይቀመጣል፣ ያጎረሱትን ይውጣል፣ ግን የለም። ለእሱ ዓይኑን አንዴ እንደ ማርገብገብ ነው። ሐዘን ሰባት ቀን ስለሆነ፣ ሐዘንተኛ ሰባት ጠብታ ቢወስድ የሚታዘበው የለም። ከቤተሰቡ አንድ ሰው ብቻ ሳይወስድ ይቀራል፤ የወሰደውን የሚያጎርሰው፣ የሚያጥበው ያስፈልጋላ።

ሚስቱ የዚህ ቅጠል ጨማቂ ነበረች። በእንፋሎቱ ብቻ ሩብ ሰዓት፣ ግማሽ ሰዓት እየተበላባት ወሬ መሃል ፈዝዛ ትቀርና፣ ስትመለስ «የት ደረስን?» ትላለች። ሰፈሩ ስሟን እርግፍ አድርጎ ትቶ «የት ደረስን» ብሎ ይጠራት ነበር፤ እሷም አቤት ትል ነበር። ይህችን ብልቃጥ የጨመቀቻት ከመሞቷ ከወር በፊት ነው። «ለእሱ» የሚል ወረቀት ለጥፋባታለች።

ልጃቸው ሻይ የያዘ ትሪ ተሸክማ አለፈች። ሃያ ስድስት ዓመቷ ነው፤ ከምታስተምርበት ከተማ በመርዶ የመጣች። እስካሁን አንዲት እንባ አልወጣትም። ትቀዳለች፣ ታጥባለች፣ ደግሞ ትቀዳለች።

«ቁርጥ እናቷን» አለ በሆዱ። ለምስጋና አልነበረም።

ይህችኛዋ ሳትወለድ የስድስት ዓመት ሴት ልጃቸውን ትኩሳት ነጥቋቸው ነበር። ከቀብር እንደተመለሱ ሚስቱ አገጩን ይዛ ሰባቱን ጠብታ ጠብ ጠብ አደረገችለት። ዓይኑን አርገበገበ። ሲገልጥ ወንበሮቹ ተደራርበዋል፣ ቤቱ ጭር ብሏል። ለእሱ ልጁን የቀበረው አሁን ነው። ጥፍሮቹ ውስጥ የነበረውን አፈር ፈለገ፤ ጥፍሮቹ ግን ተቆርጠዋል። ጮኾ አለቀሰ። ሚስቱ ደረቅ ዓይኗን ከሙቀጫው ላይ አንስታ «በል ተነስና ታጠብ» አለችው።

«እንዲህ ቶሎ?» አላት። «ምን ዓይነት አንጀት ነው ያለሽ?»

እሷ ወደ ሙቀጫዋ ተመለሰች። ከዚያ ወዲህ በልተዋል፣ ጠጥተዋል፣ ይህችኛዋን ወልደው አሳድገዋል፤ ያቺ ጥያቄ ግን አንድም ቀን አብራቸው ሳትተኛ አድራ አታውቅም።

በአራተኛው ቀን ጎረቤታቸው ልብስ ሰፊዋ መጥታ አጠገቡ ተቀመጠች። የሚስቱ የልብ ጓደኛ ናት። ልጅቷ ጎድጓዳ ሳህን ይዛ ስታልፍ በዓይኑ ተከተላትና «አታለቅስም» አላት ለልብስ ሰፊዋ ዝቅ ብሎ። «እናቷም ለሞተችው ልጇ አላለቀሰችም።»

ልብስ ሰፊዋ ብርጭቆዋን አስቀመጠች። «ማን? እሷ ናት ያላለቀሰችው?»

«ስነቃ ዓይኗ ደረቅ ነበር።»

«አንተ እኮ በስምንተኛው ቀን ነው የነቃኸው፣ ወንድሜ። ሰባቱንም ቀን ወንበሯን ወደ አንተ አዙራ፣ ጉልበቷን ከጉልበትህ አጋጥማ ነው የዋለችው። እያለቀሰች ታጎርስሃለች፣ እያለቀሰች ጥፍርህን ትቆርጣለች። ስለ ሟቿ ልጃችሁ ታወራሃለች፤ ምን ለብሳ እንደነበር፣ ምን ብላ እንዳሳቀቻችሁ። ‹አይሰማሽም እኮ› ብላት፣ ‹ታዲያ ከማን ጋር ላልቅስ?› አለችኝ። በሰባተኛው ቀን እንባዋ ነጠፈ። በማግስቱ አንተ ነቃህ።»

«ለምን አልነገረችኝም?»

«ምን ብላ ትንገርህ? አንዳችን እንኳ እንረፍ ብላ የሰጠችህ ራሷ ናት።»

«ይቺኛዋንስ ለምን ጨመቀችልኝ?» ብልቃጡን አሳያት።

«እኔም ጠይቄያታለሁ። ‹ቢደክመው› አለችኝ። በቃ፣ ሌላ ምንም የለበትም።»

ሃያ ስምንት ዓመት ሙሉ ሲቆረቁረው የኖረው ነገር እንዲህ በአንድ ብርጭቆ ሻይ ተፈታ፤ ይህን የሚነግራት ሚስቱ ግን የለችም። አናጢው ፊቱን በሁለት እጁ ሸፈነ። ደግሞ እውነቱን ለመናገር አሁንም ደክሞታል። ብልቃጧ አሁንም ታጓጓዋለች።

በአምስተኛው ቀን ከሰዓት በኋላ እንግዳው ሳሳ ሲል ልጁ ትሪውን እንደያዘች ጥግ ካለው ወንበር ላይ ዘፍ አለች። ትሪውን ጉልበቷ ላይ አደረገችው።

«አባዬ» አለች። «የምትወስደው ከሆነ ቀኑን ንገረኝ።»

«ለምን?»

«የሚይዝህ ሰው ያስፈልግሃላ። እኔም እንደ ሌላው ተንሰቅስቄ ከወደቅሁ ማን ያጎርስሃል? ማን ያጥብሃል?» ድምጿ እየሳሳ ሄደ። «አምስት ቀን ሙሉ ዛሬ ይወስዳል፣ ነገ ይወስዳል እያልኩ ጥርሴን ነክሼ ይዤዋለሁ። አሁን ግን ደከመኝ።»

አናጢው ልጁን አየ። ዓይኗ እንደ እናቷ ዓይን ደርቋል። ድርቀቱ ምን እንደሆነ ግን አሁን ገባው።

ብድግ ብሎ ወረቀቱን ከብልቃጧ ላይ ቀስ አድርጎ ላጠ፣ አጥፎ ደረት ኪሱ ውስጥ ከተተ። ብልቃጧን በሩ አጠገብ ለሚያንቀላፉት አጎቱ አስጨበጣቸው።

«እርስዎ ይያዙት» አላቸው። «ከሁላችንም ይልቅ የደከመው እርስዎን ነው።»

ከዚያ ወንበሩን እየጎተተ ወደ ልጁ ሄደ። ፊት ለፊቷ አዞረው፣ ጉልበቱ ከጉልበቷ እስኪገጥም ድረስ ተጠጋ።

«አልወስድም» አላት። «እዚሁ ነኝ። እህ፣ የት ደረስን?»

ልጅቷ አገጯ ተንቀጠቀጠ። ትሪውን ከጉልበቷ ላይ አንስታ መሬት አስቀመጠችው።