የፊሎሜና መቀስ

ፊሎሜና የማልወድላት አንድ አመል ነበራት። ፊልም ሠርታ ስትጨርስ፣ ሊዝቦን ከመውሰዷ በፊት፣ ለቀረጸቻቸው ሰዎች ታሳይና መቀስ ታስጨብጣቸዋለች። «ያልወደዳችሁትን ቁረጡ!» ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ ሥዕሏን እየሸጠች፣ ያለ ማንም ደጋፊ አምስት ፊልም ሠራች፤ አምስቱንም ዓሣ አጥማጅና ወይን ለቃሚ ቆራርጦባታል። እኔ፣ ድምፅ የምቀርጽላት ሰውዬ፣ በንዴት እበግናለሁ።

ስድስተኛ ፊልሟን ግን የሊዝቦን የፊልም ፌስቲቫል ለመክፈቻ መረጠው። ቅዳሜ ሊታይ፣ ሐሙስ ከሰዓት በዓሣ አጥማጆቹ ክበብ ለመንደሩ አሳየነው። እኛ ዘንድ ትልቅ ሰው «ቲያ»፣ አክስት፣ ወይም «ቲዮ»፣ አጎት፣ ይባላል። ፊት ወንበር ላይ ቲያ አደላይድ ጥቁር ለብሰው፣ መቀሱን ጭናቸው ላይ አድርገው ተቀምጠዋል። ባላቸውን ቲዮ ዛካሪያስን አምና፣ ፊልሙ ሲቀረጽ ነው ባሕር የበላቸው።

እውነቱን ልናገር። ያን ቀን ቲዮ ዛካሪያስ ብቻቸውን ጀልባዋን ይዘው ማዕበሉን አልፈው ነበር። ፊሎሜና ግን ብርሃኑ አልጣማትምና ከዳር ሆና «አንዴ ይድገሙልኝ!» ብላ ጮኸች። ሳቁና ተመለሱ። ሁለተኛ ሲወጡ ማዕበሉ ገለበጣቸው።

መንደሩ «ሰክሮ ነው የተመለሰው» አለ። ፊሎሜና አፍ አውጥታ መናገር አቃታት። «ፊልሙ ይናገርልኝ፤ ድምፄን እንዳትነካ» አለችኝ። ነካሁት። ሳልነግራት አጠፋሁት። ስንት ዓመት የለፋችበት ቀን ሲደርስ ገዳይ ስትባል ቆሜ ልይ እንዴ?

ሸራው ላይ ቲዮ ዛካሪያስ ዞር አሉ፤ ሳቁ፤ ጀልባዋን መለሱ። ከማዕበሉ ሌላ የሚሰማ የለም። ፊሎሜና ክው ብላ ወደ እኔ ዞረች።

«አያችሁ?» አለ አንዱ ከኋላ። «ወይኑ ነው የመለሰው!» ሰው ሳቀ።

ቲያ አደላይድ መቀሱን እንደያዙ ብድግ አሉ። «አቁም!»

አቆምኩ።

«ፊሎሜና፣ ድምፅሽ የት ሄደ?»

«የምን ድምፅ፣ ቲያ?» አልኩ ቀደም ብዬ።

«አንተ አርፈህ ተቀመጥ! ማን ጠየቀህ?» ወደ እሷ ዞሩ። «መረብ እየጠገንኩ አጠገብሽ ነበርኩ። ሰምቼሻለሁ። ብናገር ማን አመነኝ? የባሏን ስም ልታድን ነው አሉኝ። ያው መቀስሽ፤ የምቆርጠው የለኝም። የጎደለውን መልሺልኝ።»

ፊሎሜና ተነስታ ሸራው አጠገብ ቆመች። «ከመጀመሪያው አሳይ» አለችኝ።

«ፊሎ፣ በናትሽ ተይ! ቅዳሜ እኮ...»

«አሳይ አልኩህ!»

ጀልባዋ እንደገና ወጣች። አንድ ማዕበል፣ ሁለት ማዕበል። ፊሎሜና ሕዝቡ ፊት ቆማ፣ እንባዋ እየወረደ፣ ባለ በሌለ ጉልበቷ ጮኸች፦

«ቲዮ ዛካሪያስ! እባክዎ አንዴ ይድገሙልኝ!»

ቲዮ ዛካሪያስ ዞር አሉ፤ ሳቁ፤ ጀልባዋን መለሱላት። በዚህኛው ማንም አልሳቀም። ከኋላ ያ የቀለደው ሰውዬ ቆቡን አወለቀ።