እጄ ላይ ያደገ ልጅ

፩

«ልጁን ያውቁታል?»

«ምን ነካዎት! እጄ ላይ ያደገ ልጅ ነው እኮ።»

ከዚህ በኋላ አባትየው ፈገግ ይላል፣ እልልታው ይቀልጣል፣ ዳይሬክተሩ «ካት!» ይላል።

፪

ጋሽ አጥናፉን አይታችኋቸዋል፤ ስማቸውን ግን አታውቁትም። ፊልሙ ሊያልቅ ሲል ከዘራ ይዘው፣ ልጅ ሊጠይቁ የሚመጡት ሽማግሌ ናቸው። ሃያ ሁለት ፊልም፣ ሃያ ሁለት ሽምግልና። አንዴ ዳኛ ሆነው ነበር፤ ተቆርጦ ወጣ።

፫

ሽማግሌ ሆነህ ለመተወን፦

በር ላይ ቁም። «ይቀመጡ» ቢሉህ እሺ አትበል፤ የመጡበትን ሳይናገሩ መቀመጥ ነውር ነው። ጉሮሮህን ጠረግ አድርግ። ስለ ልጁ ሲጠይቁህ አትቸኩል። የአባትየውን ዓይን እያየህ

ዋሽ።*

* ፊልም ላይ ውሸት አይባልም።

፬

አምና ኅዳር ላይ ጎረቤታቸው ወይዘሮ አስካለ የኮንዶሚኒየም በራቸውን አንኳኳች።

«ጋሼ፣ ለልጄ ለኤፍሬም ሽማግሌ ይሁኑልኝ። እርስዎን አይቶ እምቢ የሚል አባት የለም።»

እውነቱን ለመናገር ደስ አላቸው። በስንት ዘመናቸው ዋናውን ሚና የሰጣቸው ሰው ተገኘ። ኤፍሬምን ግን ደረጃ ላይ «ደህና ዋሉ» ከመባባል በቀር አያውቁትም።

፭

የልጅቷ አባት የአቶ ገዛኸኝ ሳሎን። ሦስት ሽማግሎች ቆመዋል።

አቶ ገዛኸኝ፦ ሲቆጣ እጁን አይሰበስብም ይሉታል። እርስዎ ልጁን ያውቁታል?

ጋሽ አጥናፉ አልቸኮሉም። የአባትየውን ዓይን አዩ።

ጋሽ አጥናፉ፦ ምን ነካዎት! እጄ ላይ ያደገ ልጅ ነው እኮ።

ካሜራ አልነበረም።

«ካት!» ያለም የለም።

፮

ባለፈው ወር የሙሽራዋ የረድኤት ክንድ ተሰበረ። ከደረጃ ወደቀች ተባለ።

ባልና ሚስቱ የሚኖሩት ከጋሽ አጥናፉ በላይ ባለው ፎቅ ነው። ያን ቀን ጋሽ አጥናፉ ጩኸቷን ሰምተዋል። ሰምተውም ቴሌቪዥኑን ከፍ አደረጉት። ከዚያ ወዲህ ራሳቸውን ይጠላሉ፤ ሲላጩ እንኳ መስታወት ውስጥ ያለውን ሰውዬ ቀና ብለው አያዩትም።

፯

እሑድ ዕለት ወይዘሮ አስካለ ተመልሳ መጣች።

«አባቷ ቤት ገብታ አልመለስም ብላለች። ያስታርቁልኝ ጋሼ። ያጋቧቸው እርስዎ፣ የሚመልሷትም እርስዎ።»

እሺ አሉ።

(ይህን ቁራጭ ሦስት ጊዜ ጻፍኩት። በአንዱ ላይ እምቢ አሰኝቻቸው ነበር። ደስ ይል ነበር፤ ግን እሳቸው እምቢ አላሉም፣ ሰረዝኩት።)

፰

ያው ሳሎን። አቶ ገዛኸኝ ወንበር ሳቡላቸው። አልተቀመጡም። ረድኤት በጀሶ የታሰረ ክንዷን ደረቷ ላይ ይዛ ከጓዳ ወጣች።

አቶ ገዛኸኝ፦ ያኔም ልጄን የሰጠሁት በእርስዎ ቃል ነው። ዛሬም የምሰማው እርስዎን ነው።

ረድኤት፦ እኔም ደክሞኛል፣ ጋሼ። ተመለሺ ካሉኝ እመለሳለሁ። ብቻ አንድ ነገር ይንገሩኝ።

ጋሽ አጥናፉ፦ ምን ልንገርሽ፣ ልጄ?

ረድኤት፦ ኤፍሬምን ያውቁታል?

ጋሽ አጥናፉ ጉሮሯቸውን ጠረግ አደረጉ። ቀና ብለው ዓይኗን አዩ።

ጋሽ አጥናፉ፦